ስለ አጃቢ ሰው ክብር

ቴአትር ስናይ ዓይናችን የሚከተለው ንጉሡን እንጂ ጠጅ ቀጂውን አይደለም። ጠጅ ቀጂው ገብቶ ይቀዳል፤ አንድ ቃል ይናገራል ወይም አይናገርም፤ ከዚያም ይወጣል። እርሱ ባይኖር ግን ንጉሡ ንጉሥ መሆኑን በምን እናውቅ ነበር? የቴአትር ሰዎች ይህን ሰው «አጃቢ ተዋናይ» ይሉታል። በዛሬው ጽሑፋችን የምናነሣው ጥያቄ ከእርሱ ጋር የተያያዘ ነው። ሰው ዕድሜ ልኩን በሌላው ታሪክ ውስጥ አጃቢ ሆኖ፣ ሌላው የጻፈለትን ቃል እየተናገረ፣ አልፎ ተርፎም በራሱና በወገኑ ላይ እያሳቀ ኖሮ፣ ክብሩን ጠብቆ ሊያልፍ ይችላልን? ወይስ ክብሩን በየቀኑ ቆንጥሮ እየሸጠ ጨርሶታል?

ጥያቄውን ያነሣነው ለጨዋታ አይደለም። በዚህ ሰፈር የምንኖር ሁሉ ስማችን በሌላ ሰው መዝገብ ላይ፣ በሌላ ሰው እጅ የተጻፈ ነን። ነገር ግን ስለ ራሳችን ከመናገራችን በፊት ስለ አንድ ሩቅ ሰው እንናገር፤ የራስን ጉዳይ በሌላው መስተዋት ማየት ይቀላልና። (ዓመታቱ ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።)

ሰውየው ኖሪዩኪ ሞሪታ ይባላል። ዓለም የሚያውቀው ግን ፓት ሞሪታ በሚለው ስሙ ነው። በ1932 በአሜሪካ አገር፣ በካሊፎርኒያ ግዛት፣ አይልተን በምትባል ትንሽ ከተማ ተወለደ። ወላጆቹ ከጃፓን ፈልሰው የመጡ፣ ከእርሻ ወደ እርሻ እየተዘዋወሩ ፍራፍሬ የሚለቅሙ ሠራተኞች ነበሩ። ልጁ ገና የ2 ዓመት ሕፃን ሳለ የቲቢ በሽታ አከርካሪውን ያዘው። ከዚያ ወዲያ 9 ዓመት ያህል በሆስፒታል ኖረ፤ ከዚህም ውስጥ ረጅሙን ጊዜ ያሳለፈው ገላው በጀሶ ታስሮ ነው። ከእንግዲህ አይራመድም ተብሎ ነበር። ሆኖም ቀዶ ጥገና ተደርጎለት በ11 ዓመቱ ቆሞ ሄደ።

ቆሞ ሄደ ስንል ግን ወደ ቤቱ አይደለም። ቤቱ በቦታው አልነበረም። ጃፓን በዲሴምበር 1941 ፐርል ሃርበር የተባለውን የአሜሪካ የጦር ወደብ ስለ ደበደበች፣ ፕሬዚዳንት ሩዝቬልት በፌብሩዋሪ 1942 ቁጥር 9066 የሆነውን ትእዛዝ ፈርመው ነበር። በዚህ ትእዛዝ ምክንያት በምዕራቡ ጠረፍ ይኖሩ የነበሩ የጃፓን ተወላጆች ከቤታቸውና ከእርሻቸው ተነቅለው በ10 ሰፈሮች ታጎሩ። ቁጥራቸው ወደ 120,000 ይደርሳል፤ ከሦስቱ ሁለቱ እዚያው አሜሪካ የተወለዱ ዜጎች ነበሩ። የሞሪታ ወላጆች ከታሳሪዎቹ መካከል ነበሩ። ልጁም ከሆስፒታል ወጥቶ በቀጥታ በአሪዞና በረሃ ወደሚገኘው ሂላ ሪቨር ወደተባለው ሰፈር ተወሰደ። በጤና እግሩ ያገኘው የመጀመሪያ መንደር የእስር ሰፈር ሆነ።

ሰፈር ምን እንደሆነ ለእናንተ አናስረዳም። የጋራ ወጥ ቤት፣ የጋራ መጸዳጃ፣ አቧራና ሰልፍ በዚያም ነበሩ። ልዩነቱን ግን አንዘንጋ፤ እኛ ሸሽተን የመጣን ነን፣ እነርሱ ግን የገዛ መንግሥታቸው በዘራቸው ብቻ ያሰራቸው ናቸው። መንግሥቱም ይህን በደል በሕግ አምኖ ይቅርታ የጠየቀውና በሕይወት ለተገኘ ለእያንዳንዱ ሰው 20,000 ዶላር ካሳ የወሰነው በ1988 ነው። ከትእዛዙ እስከ ይቅርታው 46 ዓመት አለፈ ማለት ነው።

ከጦርነቱ በኋላ የሞሪታ ቤተሰብ ሳክራሜንቶ በተባለች ከተማ ምግብ ቤት ከፈተ። ጃፓኖቹ የሚያበስሉት የቻይና ምግብ ነበር፤ ገበያው የሚፈልገው እርሱን ነዋ። ኖሪዩኪ አድጎ በአንድ የሮኬት ፋብሪካ የኮምፒውተር ክፍል ሠራ። ሠላሳ ዓመት ሲሞላው ግን ይህን አስተማማኝ ሥራ ትቶ በመድረክ ላይ ቀልድ ወደ መናገር ገባ። በማስታወቂያ ላይ የሚወጣለት የመድረክ ስም በጦርነቱ ጊዜ ጃፓኖች ይሰደቡበት የነበረ ቃል ያለበት ነበር። ስድቡን ራሱ ለብሶት ወጣ።

ስለ እርሱ ደጋግሞ የሚነገር አንድ ታሪክ አለ። በሃዋይ አንድ ምሽት ለማሳቅ መድረክ ላይ ሲወጣ፣ ከፊቱ የተቀመጡት ከፐርል ሃርበር ድብደባ የተረፉ ሰዎች ሆነው ተገኙ። ሞሪታም ቀልዱን የጀመረው ወደባቸውን ስላበላሸባቸው ይቅርታ በመጠየቅ ነው ይባላል። አዳራሹም በሳቅ ተሞላ። እዚህ ላይ ቆም ብለን እናስብ። ወደቡ በተደበደበበት ቀን ሞሪታ የ9 ዓመት በሽተኛ ልጅ ነበር፤ ወደብ ሊያበላሽ ቀርቶ በእግሩ መሄድ አይችልም ነበር። በዚያ ድብደባ ሰበብ ወላጆቹ ታስረዋል፤ እርሱም ታስሯል። ያሰረው መንግሥት ገና ይቅርታ ሳይጠይቅ፣ የታሰረው ልጅ አድጎ ይቅርታ ጠየቀ፤ ያውም እያሳቀ።

ይህን እንዴት እንፍረደው? ሁለት ዓይነት ሰዎች ሁለት ዓይነት ፍርድ ይሰጣሉ።

የመጀመሪያው እንዲህ ይላል፦ «ይህ ሰው ተንበርክኳል። ባላደረገው ነገር ይቅርታ የሚጠይቅ ሰው ያሰሩትን ሰዎች ትክክል ናችሁ እያላቸው ነው። እንጀራ ፍለጋ ነው ቢባልም እንጀራ የሚገኝበት ሌላ መንገድ ነበረው፤ የኮምፒውተር ሥራውን ማን ከለከለው?»

ሁለተኛው ደግሞ ይመልሳል፦ «ጥርስ ባዳ ነው። አበው ይህን ያሉት ሰው ሆዱ እያለቀሰ ጥርሱ ሊስቅ እንደሚችል ስለሚያውቁ ነው። ሞሪታ እነዚያን ሰዎች ባያስቃቸው ኖሮ እንደ ጠላት እያዩት ይወጡ ነበር። ሳቁ በሩን ከፈተለት። በተዘጋ በር ፊት ቆሞ ከመኩራራት በሳቅ ገብቶ ሰው መሆንን ማሳየት ይበልጣል።»

እኛ ሁለቱም እውነት አላቸው ብለን ልንተወው አንችልም፤ እንዲህ ያለው ፍርድ ከመፍረድ መሸሽ ነውና። ስለዚህ ነገሩን ወደፊት እንከተለው።

ሞሪታ ከመድረክ ወደ ቴሌቪዥን ተሻገረ። በ1970ዎቹ ውስጥ «ሳንፎርድ ኤንድ ሰን» በተባለው ተከታታይ ድራማ ዋናው ሰውዬ በዘሩ እየቀለደ የሚዘልፈው የጎረቤት ወዳጅ ሆኖ ተጫወተ። «ማሽ» በተባለው የደቡብ ኮሪያ መኮንን ሆነ። «ሃፒ ደይስ» በተባለው ደግሞ ወጣቶች የሚሰበሰቡበት ምግብ ቤት ባለቤት ሆኖ ታየ። በዚህ ድራማ ሰዎች «አርኖልድ» ብለው ይጠሩታል፤ ይህ ግን ቤቱን ሲገዛ በሰሌዳው ላይ ተጽፎ ያገኘው የሌላ ሰው ስም ነበር። በ1976 «ሚስተር ቲ ኤንድ ቲና» በተባለ ድራማ ዋና ተዋናይ የመሆን ዕድል አገኘ፤ ድራማው ግን 5 ክፍል ታይቶ ተቋረጠ። ሞሪታም ወደ አጃቢነቱ ተመለሰ።

ይህ ሁሉ ሲሆን አንድ ነገር አብሮት ይዞር ነበር። ካሊፎርኒያ ተወልዶ ያደገ ሰው ስለሆነ እንግሊዝኛው እንደማንኛውም አሜሪካዊ የቀና ነበር። ነገር ግን የሚሰጡት ገጸ ባሕርያት አብዛኛውን ጊዜ ምላሱን እንዲያጣምም፣ ትናንት ከመርከብ እንደወረደ ሰው ቃሉን እየሰባበረ እንዲናገር ይጠይቁት ነበር። የተመልካቹ ሳቅ የሚመጣው ከዚያ ከተሰበረው ቃል ነው።

አሁን ወደ ፍርዱ እንቅረብ። ሰው የራሱን ክብር የመስጠት መብት አለው እንበል። ተራበና በራሱ ላይ አሳቀ፤ ጉዳዩ የእርሱና የኅሊናው ነው። ነገር ግን ሞሪታ ምላሱን ሲያጣምም የሚሳቀው በሞሪታ ብቻ አልነበረም። በማግሥቱ በትምህርት ቤት ግቢ ውስጥ ዓይኑ ጠበብ ያለ አንድ ሕፃን ሲያልፍ፣ ጓደኞቹ በቴሌቪዥን የሰሙትን የተሰበረ ቃል እየደገሙ ይከተሉታል። ያ ሕፃን ውል አልፈረመም፤ ደመወዝም አልተቀበለም። መምህራን የሆንን ሁሉ ይህን ዓይነት ሕፃን እናውቀዋለን፤ በክፍሉ የኋላ መቀመጫ አንገቱን ደፍቶ የሚቀመጥ ነው። እንግዲህ የመጀመሪያው ሚዛን ይህ ይመስለናል፦ ሰው የራሱን ክብር መስጠት ይችል ይሆናል፤ የጎረቤቱን ክብር ግን አብሮ የመስጠት ሥልጣን የለውም። በዚህ ሚዛን ሞሪታ ዕዳ አለበት።

ሁለተኛው ሚዛን ብዕሩ በማን እጅ እንደነበር መጠየቅ ነው። ቃሉን የጻፈው ሞሪታ አይደለም። ለእስያ ተወላጅ ከአሽከር፣ ከልብስ አጣቢና ከክፉ ሰላይ የተሻለ ገጸ ባሕርይ ላለመጻፍ የወሰኑት ደራስያንና ባለገንዘቦች ነበሩ። ለአንድ ሰው ሁለት በሮች ብቻ አሳይቶ፣ ከሁለቱም ውጭ እንዳይሄድ አጥሮ፣ ከዚያ በኋላ «ለምን በዚህ ገባህ?» ብሎ መክሰስ ፍርድ ሊባል አይችልም። ሆኖም ይህ ክርክር ገደብ አለው። በ1965 በሎስ አንጀለስ ማኮ የተባለው በጃፓን የተወለደ ተዋናይ፣ ጄምስ ሆንግና ሌሎች ጓደኞቻቸው «ኢስት ዌስት ፕሌየርስ» የተባለ የራሳቸውን የቴአትር ቡድን አቋቁመዋል። እነርሱም በቴሌቪዥኑ ትንንሽ ክፍል እየተጫወቱ እንጀራቸውን ይበሉ ነበር፤ በጎን ግን ሰው ሆነው የሚጫወቱበትን መድረክ በገዛ እጃቸው ሠሩ። እንግዲህ ሦስተኛ በር መቆፈር ይቻል ነበር ማለት ነው።

ሦስተኛው ሚዛን የሚታየው በ1984 ነው። በዚያ ዓመት «ዘ ካራቴ ኪድ» የተባለው ፊልም ወጣ። በቪዲዮ ቤት አግዳሚ ላይ ተቀምጦ የካራቴ ፊልም ያየ ወጣት አዛውንቱን መምህር ሚያጊን ሳያውቀው አይቀርም። ሚያጊን የተጫወተው ሞሪታ ነው። የፊልሙ ባለገንዘብ ጄሪ ዋይንትራብ መጀመሪያ ላይ ቀልደኛ ሰው አልፈልግም ብሎ ነበር፤ ሞሪታ ተፈትኖ ካየው በኋላ ግን አሳቡን ለወጠ። ደግሞም «ፓት» ብቻ ከሚባል ኖሪዩኪ የሚለው ስም በፊልሙ ላይ ይጻፍ የሚል ሐሳብ አመጣ፤ የበለጠ ጃፓናዊ እንዲመስል ነው። ለሃያ ዓመት ያህል በፈረንጅ ስም የኖረ ሰው የገዛ ስሙ እንኳ ለገበያ ሲባል ተመለሰለት!

በዚህም ፊልም ዋናው ሰው ፈረንጁ ልጅ ነው፤ ሚያጊ አጃቢ ነው። አሁንም የተሰበረ እንግሊዝኛ ይናገራል፤ አሁንም ያስቃል። ነገር ግን በፊልሙ መካከል አንድ ሌሊት አለ። ሚያጊ የወታደር ልብሱን ለብሶ፣ ሰክሮ፣ የጋብቻውን ቀን ብቻውን ሲያከብር ልጁ ያገኘዋል። ሰውየው በሁለተኛው የዓለም ጦርነት የጃፓን ተወላጅ አሜሪካውያን በተሰለፉበት፣ ብዙ ጀብዱ በሠራውና ብዙ ሜዳይ በተሸለመው በ442ኛው ክፍለ ጦር ውስጥ ለአሜሪካ ይዋጋ ነበር። እርሱ በአውሮፓ ሲዋጋ፣ ሚስቱ ማንዛናር በተባለው የእስር ሰፈር ውስጥ በወሊድ ሞተች፤ ሕፃኑም ሞተ። ልጁ ይህን የሚያውቀው ከአሮጌ ወረቀት አንብቦ ነው።

የፊልም ኩባንያው ሰዎች ይህ ክፍል ታሪኩን ያዘገያል፣ ይቆረጥ ብለው ነበር። አዘጋጁ ጆን አቪልድሰን ተከራክሮ አስቀረው። ቃሉን የጻፈው ደራሲው ሮበርት ማርክ ኬመን ነው፤ ነገር ግን በዚያ ሌሊት የሚታየው ፊት የሂላ ሪቨሩ ልጅ ፊት ነው። ስለነዚያ ሰፈሮች ሰምቶ የማያውቅ ብዙ ሕዝብ፣ ካራቴ ለማየት ትኬት ገዝቶ ገብቶ፣ ሳያስበው የገዛ መንግሥቱን በደል አየ። በዚያን ጊዜ ይቅርታው ገና 4 ዓመት ይቀረው ነበር። በሃዋይ ይቅርታ የጠየቀው ሰው አሁን ዝም ብሎ፣ ሰክሮ፣ እያለቀሰ ሒሳቡን አሳየ። ቅኔ ለሚያውቅ ሰው ይህ አዲስ ነገር አይደለም፤ ሰሙ የካራቴ ጨዋታ ነው፣ ወርቁ ግን ማንዛናር ነው።

ለዚህም ሥራው ሞሪታ ለኦስካር ሽልማት ታጨ፤ በአጃቢ ተዋናይነት። ማርች 25 ቀን 1985 ምሽት ሽልማቱን የወሰደው ግን ሌላ ሰው ነው፤ ስሙም ሀይንግ ንጎር ይባላል። ይህ ሰው የካምቦዲያ የማኅፀንና የወሊድ ሐኪም ነበር። ክመር ሩዥ በኤፕሪል 1975 ሥልጣን ሲይዝ የተማረ ሁሉ ይገደል ስለ ነበር ሐኪምነቱን ደበቀ። በ1978 ሚስቱ ምጥ ያዛት፤ ሊያድናት የሚችል ዕውቀት በእጁ እያለ፣ መሣሪያ ሳይኖረው፣ ማንነቱም ቢታወቅ ሁላቸውም የሚጠፉ ሆነው፣ ሚስቱና ሕፃኑ ዓይኑ እያየ ሞቱ። በ1979 ወደ ታይላንድ ሸሽቶ በስደተኞች ሰፈር ኖረ፤ በዚያም ሰው አከመ። በ1980 አሜሪካ ገባ። ተውኖ የማያውቅ ሰው ሲሆን «ዘ ኪሊንግ ፊልድስ» ለተባለው ፊልም ተመረጠ።

ውድ አንባብያን፣ በዚያ አዳራሽ ውስጥ ምን እንደተቀመጠ አስተውሉ። አንዱ በእስር ሰፈር ውስጥ በወሊድ የሞተች ሚስት ያለችውን ሰው ተጫውቷል፤ ሌላው ያንኑ ነገር ኖሮታል። ሁለቱም ሰፈር ያውቃሉ። ሁለቱም የታጩት በአጃቢነት ነው። የንጎር ነገር ደግሞ ይብሳል፤ ፊልሙ ስለ ካምቦዲያ እልቂት ሆኖ፣ ከአንድ ሚሊዮን ተኩል በላይ ሕዝብ ስላለቀበት ዘመን ሆኖ፣ በዋና ተዋናይነት የታጨው አሜሪካዊውን ጋዜጠኛ የተጫወተው ሰው ነበር። ካምቦዲያዊው በገዛ አገሩ መከራ ውስጥ አጃቢ ተባለ። እንግዲህ አጃቢነት የሰውየው ልክ ሊሆን አይችልም። ታሪኩን የሚተርከው ሰው የቆመበት ቦታ ነው አጃቢና ዋና የሚያደርገው።

በአገራችን አዝማሪ ሲያዜም ተቀባይ አለው። ተቀባይ ከሌለ ዜማው ይቋረጣል፤ አዝማሪውም ትንፋሽ አያገኝም። ይሁን እንጂ ከግብዣው የተመለሰ ሰው የተቀባዩን ስም ሲጠራ አንሰማም። ደግሞ ማኅበራችን አዝማሪውን ራሱን ሲንቅ ኖሯል፤ በድግሱ ይጠራዋል፣ በዘፈኑ ይስቃል፣ ልጁን ግን አይድርለትም። ስለዚህ ሆሊውድን ስንወቅስ የራሳችንንም ግብዣ እናስታውስ።

አሁን ወደ ሰፈራችን እንመለስ። ከእኛ መካከል በአገሩ መምህር የነበረ ዛሬ ለሰው ውኃ ይቀዳል፤ ሱቅ የነበራት የሰው ልብስ ታጥባለች። ወጣቶቻችን ቴአትር ሲያዘጋጁ «የለማኙን ክፍል ማን ይጫወት?» በሚለው ይጣላሉ። እንላለን፦ በትንሽ ቦታ መቆም ነውር የለበትም። ውኃ የቀዳ መምህር መምህርነቱ አልፈሰሰም። የለማኙን ክፍል በእውነት የተጫወተ ልጅ ንጉሡን በውሸት ከተጫወተው ይበልጣል።

ነውሩ ያለው በሌላ ስፍራ ነው። ጎብኚ ይመጣል፤ ጠያቂ ይመጣል፤ ደብተሩን ይከፍታል። ምን ዓይነት ታሪክ እንደሚፈልግ ከፊቱ እናነባለን። በዚያን ጊዜ ምላስን የማጣመም ፈተና ይመጣል። ያልደረሰብንን ጨምረን እንድንናገር፣ የደረሰብንንም እንደ ሸቀጥ አሳምረን እንድናቀርብ፣ ከሁሉም የከፋው ደግሞ የእኛ ነገር እንዲያምር ያኛውን ወገን፣ ያኛውን ብሔረሰብ፣ ያኛውን ጎረቤት አውሬ አድርገን እንድንስል እንፈተናለን። የራስህን መከራ መናገርም ዝም ማለትም መብትህ ነው። ነገር ግን ስለ ወገንህ የተናገርከው ቃል ነገ በሌላ ቢሮ፣ በሌላ ሰልፍ ውስጥ በቆመ ሰው ላይ ይነገራል። እርሱ እንደዚያ በትምህርት ቤቱ ግቢ እንዳለው ሕፃን ውል አልፈረመም። በሰው ቁስል እንጨት ስደድበት የሚለውን ተረት እያወቅን እኛው እንጨቱን አቀባይ አንሁን።

ሞሪታ ከዚያ በኋላ በ1987 እና በ1988 «ኦሃራ» በተባለ የቴሌቪዥን ድራማ ዋና ተዋናይ ሆነ፤ እርሱም ብዙ አልቆየም። በርካታ ፊልሞች ሠርቶ በ2005 በ73 ዓመቱ አረፈ። በ2021 የወጣ ስለ ሕይወቱ የሚተርክ ፊልም መጠጥ ክፉኛ እንደጎዳው ይናገራል፤ ያ የሰከረው የሚያጊ ሌሊት ሙሉ በሙሉ ትወና አልነበረም ማለት ነው። ንጎርም በ1996 በሎስ አንጀለስ በቤቱ አጠገብ በወንበዴዎች ተገደለ። ሽልማትም ሆነ ዝና ሁለቱን ከምንም አላዳናቸውም።

ታዲያ ፍርዳችን ምንድን ነው? የሞሪታ ዕዳ በአንድ ሌሊት ትወና አልተሰረዘም፤ የሕፃናቱ ግቢ ሳቅ አሁንም በሒሳቡ ላይ አለ እንላለን። ነገር ግን ሰውየው ዕዳውን የሚያውቅ፣ በሩ ጣት የሚያሳልፍ ያህል ሲከፈትለት ከሁሉ በፊት እውነትን ያሳለፈ ከፋይ ነበር። ክብሩን ጨርሶ አልሸጠውም ለማለት ይህ ይበቃናል። ለሁላችንም አንድ ቀን እንዲህ ያለች ጠባብ ቀዳዳ ትከፈታለች፤ በዚያች ቀን የምናሳልፈውን ከአሁኑ እናዘጋጅ።

በዚህ ፍርድ የማይስማማ አንባቢ ይኖራል፤ በተለይ ዕዳ የሚለው ቃላችን ይከብደው ይሆናል። መልሱን በአንድ ገጽ ጽፎ ይስጠን፤ በሚቀጥለው ዕትም በእጃችን ገልብጠን እናወጣዋለን።